ለኮምፒውተር የተመታው ድቤ

ኡበይደላ ቡርቱካንን ያጣት በኮምፒውተር ምክንያት ነው። ይህን ያሉት የልጅቷ አባት ጋሽ አብዱልሐሊም ናቸው፤ ያሉትም በጓዳ አይደለም። ግራና ገበያ መሐል ቆመው፣ ሽንኩርት ሻጩም ገዢውም እየሰማ፣ «ሰው ጦር ሲመጣበት ወደ ወደዳት ይሮጣል፤ ይኼ ግን ኮምፒውተሩን አቅፎ ሸሸ! እንግዲያው ኮምፒውተሩን ያግባ!» አሉ። ወሬው ከግራና መርሳ ለመድረስ ባጃጅ እንኳ አልተሳፈረም። ኡበይደላ ፀጉሩን ሊስተካከል ተቀምጦ ሳለ ከፀጉር አስተካካዩ አፍ ሰማው፤ ሰውዬው ደግሞ የነገረው እየሳቀ ነው።

ምን ይበል? እውነት ነዋ!

ኡበይደላ መርሳ ውስጥ፣ ከአንድ የመለዋወጫ ሱቅ ጀርባ፣ «ስቱዲዮ» የሚላት ክፍል አለችው። ግድግዳዋ በስፖንጅ ፍራሽ የተለበጠ፣ ሁለት ሰው ከገባባት ሦስተኛው ደጅ የሚቀርባት ክፍል ናት። ዘፋኙ ድምፁን ይዞ ይመጣል፤ ኡበይደላ ከሥሩ ሙዚቃውን ያነጥፍለታል። ቡርቱካንን ያወቃትም እዚያው ነው። ዘፈን ሊያስቀርጽ የመጣውን የአጎቷን ልጅ ተከትላ መጣች፤ ቀረጻው ሲያልቅ «ዘፈኑ ቆንጆ ነው፤ ድቤው ግን የታመመ ይመስላል» አለችው። ኡበይደላ በሥራው አፈረ፤ ልጅቷን ግን ወደዳት። ሽማግሌ ላከ። ጋሽ አብዱልሐሊምም «ክረምቱ ይውጣና ቃሌን እሰጣለሁ» ብለው ሽማግሌዎቹን በደስታ ሸኙ።

ክረምቱ ሳይወጣ ግን ጦርነቱ ደረሰ። የ2013 ነሐሴ ነው። ያን ዕለት አስፋልቱ ከወልድያ በሚመጣ ሰው ጥቅጥቅ አለ፤ ፍራሽ የተሸከመ፣ በግ የሚጎትት፣ ልጅ ያዘለ። «ደረሱ! ደረሱ!» ሲባል ኡበይደላ ኮምፒውተሩን ከጠረጴዛው ነጥቆ ባገኘው አይሱዙ ላይ ዘለለ። ቡርቱካን ትዝ ያለችው መኪናው ውርጌሳን ካለፈ በኋላ ነው። ያኔ «አውርዱኝ!» ብሎ ጮኸ፤ ማን ሊሰማው። ስልኩም ተቋርጧል። ደሴ ገባ፤ ከደሴ ኮምቦልቻ፣ ከኮምቦልቻ ደብረ ብርሃን። ጦርነቱ እሱን በግል የሚፈልገው እስኪመስል ድረስ ከኋላ ከኋላው ተከተለው።

ታኅሣሥ ላይ ሲመለስ ከስቱዲዮው ስፒከሩ የለም፣ ፍራሹ የለም፣ በሩ እንኳ ተነቅሏል። እሱ ግን መጀመሪያ የሄደው ግራና ነው። ቡርቱካን በሕይወት አለች፤ አልሐምዱሊላህ። ጋሽ አብዱልሐሊም ደጃፍ ላይ ተቀበሉት፣ «እንኳን አተረፈህ» አሉት፣ ውሃም አጠጡት፤ ከዚያ «በል ልጄ፣ መንገድ እንዳይመሽብህ» ብለው ገና በጠዋቱ ሸኙት። ሽማግሌው ጋሽ ኑርሁሴን ሁለት ጊዜ ተላኩ፤ ሁለቱንም ጊዜ ባዶ እጃቸውን ተመለሱ።

ሰው ከሐዘኑ ቀና ሲል ዘፈን ያምረዋል። መብራቱ መጣ ሄደ እያለ፣ ዘፋኞቹም አንድ ሁለት እያሉ ብቅ አሉ። ኡበይደላም ያንኑ ስሙ የጠፋ ኮምፒውተር ከፍቶ ሥራ ጀመረ። ከበሮውን የሚሠራው ድራም ሳምፕለር በሚሉት ፕሮግራም ነው። ነገሩ እንዲህ ነው፦ የሆነ አገር ያለ ሰው ከበሮውን አንድ ጊዜ መትቶ ድምፁ ይቀዳል፤ ያ ድምፅ በአንድ ቁልፍ ላይ ይቀመጣል፤ ቁልፉን ስትጫነው ከበሮው «ድም» ይልልሃል። በቀስታ የተመታው ለብቻው፣ በኃይል የተመታው ለብቻው፣ የመዳፉ፣ የጣቱ፣ ሁሉም የየራሱ ቁልፍ አለው። ፕሮግራሙ የአሜሪካ ከበሮ አለው፣ የኩባ አለው፣ የህንድ አለው። የወሎ ድቤ ግን የለውም። ኡበይደላ የኩባውን ከህንዱ እያዳቀለ ድቤ ሊያስመስል ይለፋል። አንዱ የሲሪንቃ ዘፋኝ የራሱን ዘፈን ሰምቶ ሲያበቃ፣ «ወንድሜ፣ እኔ የተፈናቀልኩት እስከ ደሴ ነው፤ አንተ ኩባ አደረስከኝ» አለው።

ቡርቱካን ከአባቷ ተደብቃ ትደውልለታለች። አንድ ቀን ይህን፣ ከበሮው አንድ አንድ ጊዜ እየተመታ እንደሚቀዳም ጭምር ሲነግራት ሳቀችና ወዲያው አንድ ሐሳብ መጣላት።

«ሽማግሌ መላኩን ተወው» አለችው። «በእኔ ጉዳይ ስትመጣባቸው ጆሯቸው ይደፈናል። በድቤው ና።»

«እንዴት በድቤው?»

«የእርስዎን ድቤ ልቅዳ በላቸው። የኩባ ድቤ መርሳን ወረራት በላቸው። ለእኔ እሺ ባይሉ ለድቤው ይላሉ። ግን ቀረጻው እኛ ቤት ነው የሚሆነው፤ ሌላ ቦታ ውሰደኝ ቢሉህ እንዳትሰማቸው።»

«ለምን እናንተ ቤት?»

«አብሽር፣ አትጠይቅ» አለችና ስልኩን ዘጋችው።

ቡርቱካን አባቷን ታውቃቸዋለች። ጋሽ አብዱልሐሊም በሐብሩ ወረዳ ስማቸው የተጠራ ድቤ መቺ ናቸው። መንዙማ ላይ እሳቸው ሳይመጡ አይጀመርም፤ ሰርግ ላይ እሳቸው ካልመጡ ሙሽራው ራሱ ያኮርፋል። ድቤው ከአባታቸው የወረሱት ነው። የኩባ ድቤ የሚባል ነገር መርሳ ውስጥ እንደሚመታ ሲሰሙ ደማቸው ፈላ። «እኔ በቁሜ እያለሁ? በል ና፣ ቅዳ!» አሉ።

ኡበይደላ በአንድ የየካቲት ጠዋት ኮምፒውተሩንና ማይክራፎኑን ይዞ ግራና ወረደ።

«ለድቤው ነው የመጣኸው፣ አይደል?» አሉት ገና ከደጅ።

«አዎ ጋሼ።»

«ለሌላ ነገር እንዳይሆን።»

«ኸረ የለም ጋሼ!» አለ ኡበይደላ። አላህ ይቅር ይበለው፣ ይህን ሲል ዓይኑ ጓዳ ጓዳውን ያያል።

ለቀረጻ ጸጥታ ያስፈልጋል። ፍየሎቹ ወደ መስክ ተነዱ። አውራ ዶሮው እምቢ ስላለ ቡርቱካን በብብቷ ሸጉጣ ክርስቲያኑ ጎረቤታቸው አያሌው ቤት በስደት አኖረችው። በመስኮቱና በበሩ ላይ ብርድ ልብስና ጋቢ ተሰቀለ። ጋሽ አብዱልሐሊም መደቡ ላይ ተቀምጠው፣ ድቤውን ጭናቸው ላይ አድርገው፣ የተሰቀለውን ሁሉ በጥርጣሬ ቃኙ።

«ስማ፣ ድምፁ ወደ ውጭ አይወጣም?»

«ምንም አይወጣም ጋሼ። ይኼ ሁሉ ብርድ ልብስ ተሰቅሎ!»

«ሰው እንዳይሰማ።»

«ማንም አይሰማም፤ በእኔ ይሁንብዎ።»

ወይ በእኔ ይሁንብዎ! ብርድ ልብስ ክፍሉ ውስጥ የሚያስተጋባውን ያፍናል እንጂ የድቤን ወፍራም ድምፅ አያስቀርም፤ እሱ ግድግዳውንም መሬቱንም ሰንጥቆ ይሄዳል። ኡበይደላ ይህ ይጠፋዋል? አይጠፋውም። ግን ቡርቱካን በሩ ጥግ ቆማ ታየው ነበርና የተማረው ሁሉ ከጭንቅላቱ በኖ ነበር።

«እንግዲህ ጋሼ፣ አንድ ጊዜ ብቻ ይምቱልኝ።»

ጋሽ አብዱልሐሊም ቢስሚላህ ብለው መቱ። አንዷ ምት ሁለተኛዋን ጠራች፣ ሁለተኛዋ አራት ሆና መጣች፣ ትከሻቸው ተከተለ፣ እትዬ አለሚቱ ባለቤታቸው ከጓዳ ሆነው ማጨብጨብ ጀመሩ።

«ጋሼ! ጋሼ! አንድ ጊዜ ብቻ!»

«አንድ ጊዜ ብሎ ድቤ አለ እንዴ?» ተቆጡ። «አንድ ጊዜ ብቻ የሚመታው በር ነው!»

«ለፕሮግራሙ ነው ጋሼ። አንድ ጊዜ መትተው፣ ድምፁ ጨርሶ እስኪጠፋ ዝም ይሉልኛል። ከዚያ እንደገና አንድ። እትዬ፣ እርስዎም ጭብጨባውን ይተዉልኝ።»

«እጄ አመለጠኝ እናቴ ትሙት» አሉ እትዬ አለሚቱ፤ እጃቸውንም በነጠላቸው ጠቀለሉት።

የተሰቀለውን ብርድ ልብስ ደግመው አይተው፣ እያማረሩ ተስማሙ። ድም። ዝምታ። ድም። ዝምታ። በመዳፍ፣ በጣት፣ ከጠርዙ፣ ከመሐሉ። ኡበይደላ ማዳመጫውን ጆሮው ላይ አድርጎ አንዷን ምት ሲሰማት ጸጉሩ ቆመ። በመጀመሪያ ትጮኻለች፤ ከዚያ ቆዳው ውስጥ ሆና ታጉረመርማለች፤ ስትጠፋ እንኳ ቀስ ብላ እየተሰናበተች ነው የምትጠፋው። ሦስት ዓመት ሙሉ ኩባ ለኩባ ሲዞር ይኼ ነገር ግራና ተቀምጦ ነበር! በእጅ የያዙት ወርቅ ከመዳብ ይቆጠራል ማለት ይኼ ነው። ማዳመጫውን አውልቆ ለጋሽ አብዱልሐሊም አደረገላቸው። የራሳቸውን ድቤ ሲሰሙ ፊታቸው እንደ ሕፃን በራ።

«ይኼ እኔ ነኝ?»

«እርስዎ ነዎት ጋሼ።»

«ማሻአላህ! በል ጨምር፣ ገና መች ተነካ!» አሉና እጅጌያቸውን ሰበሰቡ። ከዚያ በኋላ ማን ያስቁማቸው። ድም፣ ዝምታ፣ ድም፣ ዝምታ፤ ረፋዱ እንዲሁ አለፈ።

መጀመሪያ የተሰማው አንድ እልልታ ነው፤ ከወንዙ ማዶ። ሁለተኛው ቀረብ አለ። ሦስተኛው ደጃፉ ላይ ፈነዳ። ከዚያ የእግር ኮቴ፣ ሳቅ፣ «የት አላችሁ እናንተ!» የሚል ድምፅ፤ በሩ ላይ የተሰቀለው ብርድ ልብስ ተገፎ ወደቀ፣ ግቢው በሰው ሞልቷል። አያሌው በግ እየጎተተ ነው፤ አውራ ዶሮውም በሌላ እጁ ነው። ሴቶቹ ወተት በቅል ይዘዋል። ከፊት ከፊት ሁለቴ በባዶ የተመለሱት ጋሽ ኑርሁሴን አሉ፤ ፊታቸው በደስታ ያብረቀርቃል።

«ማብሩክ! ማብሩክ!» አሉ። «አብዱልሐሊም፣ እኔን ደጅ ስታስጠናኝ ከርመህ ለብቻህ ጨረስከው? ይሁን፣ አልቀየምህም፤ ዋናው መስማማቱ ነው!»

ኡበይደላ ነገሩ አልገባውም። የመርሳ ልጅ ነውና የዚያችን መንደር ልማድ አያውቅም። ድቤ ያለበት ቤት ሴት ልጁን ሲሰጥ፣ ቃሉ በተሰጠበት ጠዋት ድቤው አንድ ጊዜ ይመታል፤ ድምፁ እስኪጠፋ ዝም ይባላል፤ እንደገና አንድ ጊዜ፤ ከዚያ ሦስተኛው። ዘፈን የለው፣ ጭብጨባ የለው። ልጄን ሰጥቻለሁ፣ ኑና መርቁ ማለት ነው።

«ሌላው ሰው ሦስቴ መትቶ ይበቃዋል» አለ አያሌው ትንፋሹን እየሰበሰበ። «የእርስዎ ግን ማቆሚያ አጣ እኮ ጋሽ አብዱልሐሊም! ምን ዓይነት አማች ቢያገኙ ነው ብዬ በጉን ፈታሁት። ሥጋውን ባልበላ ደስታውን እበላለሁ።»

ጋሽ አብዱልሐሊም ቀስ ብለው ወደ ኡበይደላ ዞሩ።

«ድምፁ አይወጣም አላልከኝም?»

ኡበይደላ ወደ ቡርቱካን አየ። ቡርቱካን ነጠላዋን አፏ ላይ አድርጋ ጣራውን ታያለች። ያኔ ገባው፤ ቀረጻው እዚህ ቤት ካልሆነ ያለችው ለምን እንደሆነ አሁን ገባው። ወይ ቡርቱካን! ጋሽ ኑርሁሴን እጃቸውን ለዱዓ ዘርግተዋል። ዝም ቢል ምን ነበረበት? አንድ «አሚን» ብቻ ቀርታው ነበር። ቡርቱካንም በዓይኗ «ዝም በል» አለችው። ግን ጋሽ አብዱልሐሊምን አያቸው፤ ድቤያቸውን አቅፈው፣ በገዛ እጃቸው ተታልለው ተቀምጠዋል። አንጀቱ አልቻለም።

«ጋሽ ኑርሁሴን፣ ይቆዩኝ» አለ። «ስህተት ነው። እኔ ነኝ ያጠፋሁት። ጋሼ ቃል አልሰጡም፤ የመቱት ለኮምፒውተር ነው።»

አንዲት ሴትዮ ቅሏን እንደያዘች፣ «አይ ልጄ፣ ከነሐሴ ወዲህ እልል ያልኩት ዛሬ ነበር» አለች፤ የተናገረችው ለማንም አልነበረም። አያሌው የበጉን ገመድ አየና «እና… ልመልሰው?» አለ።

ጋሽ አብዱልሐሊም ጉሮሯቸውን ጠረጉ። ሰዉ ሁሉ አፍ አፋቸውን ያያል።

«ሰምታችኋል። ለኮምፒውተር ነው የመታሁት። እኔ በዚህ ልጅ ላይ ያለኝን ታውቃላችሁ። ያ ቀን ሲመጣ ልጄን ጥሎ ኮምፒውተሩን አቅፎ የሄደ ሰው ነው። ውሸት ነው በል እስቲ!»

«እውነት ነው» አለ ኡበይደላ። «ወላሂ ፈራሁ ጋሼ። ያኔ ፊቴ የነበረውን አንስቼ ሮጥኩ። ትዝ ያለችኝ ውርጌሳን ካለፍኩ በኋላ ነው። ከዚያ ቀን ጀምሮ እንቅልፍ የለኝም። ሌላ የምለው የለኝም።»

ከጓዳ ደጃፍ አንድ ድምፅ ተነሣ።

«አንቱ ሰውዬ!» እትዬ አለሚቱ ናቸው። የተጠቀለለውን እጃቸውን ከነጠላቸው ፈትተዋል። «የራሷ አሮባት የሰው ታማስላለች አሉ! አንቱስ ያን ቀን ምን ይዘው ነው የሸሹት?»

«አለሚቱ፣ ተይ…»

«አለሚቱ ተይ አይበሉኝ! እኔ እህሉን በራሴ ተሸክሜ፣ ልጅቷ ጥጃዋን እየጎተተች፣ ‹አባቴ! አባቴ!› እያልን ስንጣራ እሳቸው ድቤውን አዝለው ያን ዳገት እንደ ጎረምሳ ወጡት! አንዴ እንኳ ዞር አላሉም። የተደበቅንበት ዋሻ ጋ ስንደርስ ደግሞ ምን አየሁ መሰላችሁ? ድቤው ጋቢ ለብሷል! ብርድ እንዳያገኘው! እኔ ስንቀጠቀጥ አደርኩ፤ ድቤው ሞቆት አደረ!»

ሳቁ ግቢውን ሞላው። ጋሽ ኑርሁሴን ዱዓቸውን ረስተው ሆዳቸውን ያዙ። አያሌው ሲስቅ አውራ ዶሮው አመለጠው፤ ዶሮውም ስደቱ እንዳበቃ ለማወጅ ይመስል እዚያው ቆሞ ጮኸ። ቡርቱካን ነጠላዋ ውስጥ ተቀብራ ትከሻዋ ብቻ ይንቀጠቀጣል። ጋሽ አብዱልሐሊም ብቻ አልሳቁም።

«የአባቴ ድቤ ነው» አሉ። «ቢዘርፉት ምን እሆናለሁ? እኔ ከሱ ሌላ ምን…» አሉና አልጨረሱትም። ዓይናቸው ኡበይደላ ፊት ያለው ኮምፒውተር ላይ አረፈ።

«ያንተም እንደዚያ ነው?» አሉት።

«አዎ ጋሼ። እንጀራዬ ነው።»

ጋሽ አብዱልሐሊም ራሳቸውን ነቀነቁ። ፊታቸው ላይ የነበረው ቁጣ ሄዷል፤ የቀረው የአባት ጭንቀት ነው።

«ጦርነቱ አላለቀም፤ ታውቃለህ። ነገ ደግሞ ቢመጣስ? ወዴት ነው የምትሮጠው?»

ኡበይደላ ሊፎክር ይችል ነበር። እሞትላታለሁ ማለት ለአፍ ምን ይከብዳል? ግን ሰውየው የጠየቁት ከልባቸው ነው።

«ወደዚህ ጋሼ» አለ። «እፈራለሁ፤ ግን እየፈራሁ ወደዚህ ነው የምሮጠው።»

«ኮምፒውተሩስ?»

«እሱን ቡርቱካን ትያዝልኝ።»

«እኔ ጥጃዋን ይዣለሁ!» አለች ቡርቱካን ከበሩ ጥግ፤ አፏ አምልጧት ነው፤ ወዲያው በእጇ ከደነችው። ሰዉ እንደገና በሳቅ ፈረሰ። በዚህኛው ሳቅ ጋሽ አብዱልሐሊምም አልዳኑም፤ ጢማቸው ሥር የጀመረው ፈገግታ እያደገ እያደገ ሄዶ ትከሻቸውን ነቀነቀው። እንባቸውን በጋቢያቸው ጫፍ ጠረጉና ድቤውን ወደ ጭናቸው ሳቡት።

«ያንን ነገር አጥፋው» አሉ። «ይኼኛው ለኮምፒውተር አይደለም።»

ኡበይደላ ቸኩሎ ማጥፊያውን ሊያገኘው አልቻለም። ቡርቱካን፣ ሰው ሁሉ እያያት፣ ከጎኑ መጥታ ተንበረከከችና ኮምፒውተሩን በመዳፏ ከደነችው። አባቷ እጃቸውን አንስተው አንድ ጊዜ መቱ፤ ድምፁ እስኪጠፋ ጠበቁ። ሁለተኛውን መቱ፤ ጠበቁ። ሦስተኛውን ሲመቱ ግን ድምፁ እስኪጠፋ ማንም አልጠበቀላቸውም፤ እጃቸው ገና ከቆዳው ሳይነሣ እትዬ አለሚቱ እልልታውን ለቀቁት።